የዘይነባ ሻሽ

ለልጅ ልጄ የዱቄት ወተት ቆርቆሮ በከፈትኩ ቁጥር ያ ጣፋጭ፣ ትንሽ የተቃጠለ የሚመስል ሽታ ይመጣና ቡታጅራ ትምህርት ቤታችን ግቢ ውስጥ ያቆመኛል፤ ቆርቆሮውን ቶሎ ብዬ እከድነዋለሁ።

በንጉሡ ዘመን ነው። አባቴ ከመንዝ ተመድቦ የመጣ የጤና ረዳት ነበር፤ ከክሊኒኩ ሥራ ሌላ፣ ከባሕር ማዶ በእርዳታ የሚላከውን የተማሪዎች ወተት በበርሜል እያስፈላ የሚያድለው እሱ ነበር። ጥቅምት ላይ አንድ ፈረንጅ በመኪና ሚዛን ጭኖ መጥቶ፣ እያንዳንዳችንን መዝኖ፣ ክብደታችንን ከስማችን ጎን ጽፎ፣ ወተቱ ምን እንደሠራ ክረምት ሳይገባ ተመልሶ እንደሚያይ ነግሮን ሄደ።

በጋውን ሙሉ በረፍት ሰዓት ተሰልፈን በጣሳ እንጠጣ ነበር። አጠገቤ የምትቀመጠው ዘይነባ ግን አንድ ሁለቴ ብቻ ተጎንጭታ፣ የቀረውን በሻሿ ሸፍና፣ እንዳይፈስባት ቀስ እያለች፣ ለታናሽ ወንድሟ ወደ ቤት ትወስድለት ነበር። እናቷ እትዬ ረሂማ የእንሰት ሥራ እያጣደፋት ልጅቷን ትምህርት ቤት የምትልካት ለዚያች ጣሳ ብላ ነበር፤ ይህንንም ለእናቴ ሳትደብቅ ስትነግራት ሰምቻለሁ።

ግንቦት ላይ ፈረንጁ ሊመጣ ነው ሲባል ከተማው ተሸበረ። በእንግዳ ፊት ከማፈር መራብ ይሻላል የሚል ሰው ነበር የአገራችን ሰው። እናቶች ልጆቻቸውን ቅቤ ቀብተው፣ ቆጮውን በላይ በላዩ አጉርሰው፣ አንዳንዶቹም ሁለት ቀሚስ ደራርበው ላኩ። አባቴም ሁላችንንም አስቀድሞ በክሊኒኩ አሮጌ ሚዛን ሲመዝነን የሌላው ሁሉ ክብደት ጨምሮ የዘይነባ ብቻ ንቅንቅ ሳይል ቀረ።

«ይሄን ሲያይ ወተቱን ሸጣችሁት ነው የሚለን» አለ ላቡን እየጠረገ። ወደ እኔ ዞሮም፣ «አንቺ ተመዝነሽ ስትወጪ የሷን ሻሽ እሰሪና ተመልሰሽ ግቢ። ለሱ ሁላችሁም አንድ መልክ ናችሁ። ስምሽን ሲጠይቅሽ ዘይነባ በዪ» አለኝ።

ዘይነባ ሻሿን ፈታ ሰጠችኝ። ወተት ወተት ይሸታል። ራሷን በሁለት እጇ ሸፍና ከማገዶው ክምር ጀርባ ስትደበቅ አየኋት፤ እኔ ግን፣ አሁንም ስናገረው ያሳፍረኛል፣ ደስ ብሎኝ ነበር፤ ከዚያ ሁሉ ልጅ ሁለት ጊዜ የምመዘነው እኔ ብቻ ነበርኩና። ሻሹን አስሬ ገብቼ ዘይነባ ነኝ ስለው፣ ፈረንጁ ቁጥሩን አይቶ ፈገግ አለና ጉንጬን ነካ አድርጎ ብስኩት ሰጠኝ። ብስኩቱን ብቻዬን በላሁት።

መስከረም ጠብቶ ትምህርት ስንጀምር በርሜሉ ተገልብጦ አገኘነው። የቡታጅራ ልጆች ስላገገሙ ወተቱ ይበልጥ ወደሚያስፈልግበት ቦታ ተዛውሯል የሚል ደብዳቤ ለአባቴ ደርሶት ነበር፤ አንብቦ፣ አጥፎ ኪሱ ከተተውና ምሳውን ሳይነካ ተነሳ።

ዘይነባ ሳምንቱን ሙሉ ከትምህርት ቤት ስትቀር ቤታቸው ሄድኩ። ከእናቷ ጋር ጓሮ ቁጭ ብላ እንሰት ትፍቅ ነበር።

«ወተቱ ቀረ አሉን፤ አላህ ያመጣውን አላህ ወሰደው። እንግዲህ እዚሁ ታግዘኝ» አለችኝ እትዬ ረሂማ፣ ምንም ሳትቆጣ።

ዘይነባ ቀና ብላ አየችኝና፣ «ሻሼስ?» አለችኝ።

ለካ ሳልመልስላት ክረምቱ አልፏል። ነገ አመጣልሻለሁ ብያት ወጣሁ፤ በማግስቱ ሻሹን ይዤ እስከ በራቸው ደርሼ ነበር፤ እንሰት ሲፋቅ ሰምቼ ማንንም ሳልጠራ ተመለስኩ።

እኔ ተምሬ፣ ሥራ ይዤ፣ ጡረታም ወጣሁ። ሻሹ ዛሬም ሳጥኔ ውስጥ አለ፤ ወተት መሽተቱን ከተወ ቆይቷል። ሐኪም ቤት ሄጄ ሚዛን ላይ ስወጣ ነርሷ ብዕሯን አንስታ፣ «ስምዎን ማን ልበል?» ትለኛለች። ያኔ የሰው ስም ለመናገር ያላመነታሁት እኔ፣ ዛሬ የራሴን ለመናገር ሁለት ጊዜ መጠየቅ ያስፈልገኛል።