ከማጣሪያው በፊት የተጠጣ ሰናመኪ

በሴንት ሉሲያ ደሴት፣ በባሕር ዳሯ መንደራችን ዴነሪ ውስጥ ፊሎሜን አልሲንዶርን በስሟ የሚጠሯት ቄሱ ብቻ ናቸው። ሌላው፣ ከዓሣ አስጋሪው እስከ ፖሊሱ፣ ታንቲ ነው የሚላት። የሁሉም አክስት ናት። ጧት ጧት ወደቡ ዳር ቤክ ትጠብሳለች፤ ሊጡን በጋለ ዘይት አሳብጣ፣ ሆዱን ቀድዳ፣ ጨው ዓሣ ትጠቀጥቅበታለች። ምላሷ ከዘይቷ የባሰ ነው። «ታንቲ፣ ቤክሽ ዛሬ አነሰ» ያላት ሰው «አፍህ ሰፍቶ ነው» ተብሎ ይሸኛል እንጂ ፍርፋሪ አይጨመርለትም።

ልጅ አልወለደችም። እህቷ ለሥራ ማርቲኒክ ተሻግራ እዚያው ስትቀር፣ የእህቷን ልጅ ሸርኔልን ከአራት ዓመቷ ጀምሮ ያሳደገቻት እሷ ናት። ልጅቷ ቁመቷ ተመዞ ተመዞ ጉበኑን ስትነካ ታንቲ «እሰይ፣ ጣራዬን የሚጠግንልኝ አገኘሁ» ብላ ነበር። ሸርኔል ግን ጣራውን ትታ በረኛ ሆነች። መጀመሪያ የትምህርት ቤቷ፣ ቀጥሎ የአገሯ፤ የሴንት ሉሲያ ከአሥራ ሰባት ዓመት በታች ሴቶች ቡድን ግብ ጠባቂ።

በዚያ ነሐሴ የአህጉሩ ዋንጫ ማጣሪያ ምድብ የተዘጋጀው እኛው ደሴት ላይ ነበር። ልጆቻችን ሁለቱን ጨዋታ አሸንፈዋል። የቀራቸው ግሬናዳ ነው፤ አቻ ከወጡ ወደ ቀጣዩ ዙር ያልፋሉ፣ ከተሸነፉ አበቃ። ለሌሎቹ ሌላ ማጣሪያ ይመጣል። ለሸርኔል ግን አይመጣም፤ በሚቀጥለው ዕድሜዋ ያልፋል። የሻይ ኩባያ ስታጥብ እንኳ «ይሄ የመጨረሻዬ ነው፣ አክስቴ» ትላለች። ታንቲ ከመስማቷ ብዛት ዘይት ስታፈላ ራሷ «የመጨረሻዋ ነው እኮ» እያለች ብቻዋን ታወራ ጀመር።

የቡድኑ አሰልጣኝ ኮች ማርሊን ይባላሉ። ሁለተኛው ጨዋታ ቅዳሜ ሲያልቅ «ጨዋታው ረቡዕ ነው፤ እሑድን ቤታችሁ ዋሉ፣ ቅዳሴ ሂዱ፣ ሰኞ ተመለሱ» ብለው ልጆቹን ከሆቴል ለቀቋቸው። ጥሩ ሴት ናቸው፣ ክፉ አይወጣቸውም። ግን እሑዱ ምን እሑድ እንደሆነ ልብ አላሉም። ትምህርት ቤት ሊከፈት ሲል ያለው የመጨረሻው እሑድ ነው! በዚያ ቀን እኛ ዘንድ ልጅ ይታጠባል። ውጪው አይደለም፣ ሆዱ። የዕረፍቱ ወራት ማንጎና ጣፋጭ ደሙን አቆሽሾታልና፣ ሰናመኪ ይቀቀላል፣ የጉሎ ዘይት ይጨመርበታል፣ አፍንጫ ተይዞ ይጠጣል። አያት ለእናት፣ እናት ለልጅ ስትሰጥ የኖረችው ነው። ማንም አይቀርለትም።

«አክስቴ፣ ረቡዕ ጨዋታ አለብኝ እኮ» አለች ሸርኔል ኩባያውን አይታ።

«እሑድና ረቡዕ ምን አገናኛቸው? ማክሰኞ እንደ ላባ ቀለሽ ትነሺያለሽ። ደግሞ ፊትሽን በመስታወት አይተሽዋል? የሆቴሉ ቅባት ብጉር በብጉር አድርጎሻል።»

«ኮች ብትሰማ ትገድለኛለች።»

«ኮችሽ ራሷ በእናቷ እጅ ስንቱን ጨልጣለች! ክፈቺ አፍሽን። አትነጫነጪብኝ።»

ጠጣች። የታንቲ እጅ ደግሞ ከባድ ነው፤ የሷ ሰናመኪ በሰፈሩ የታወቀ ነው፣ ፈረስ ያስቀምጣል ይባላል።

አመሻሹ ላይ ሬዲዮው ዘፈኑን አቋረጠ። ከባርቤዶስ ወዲያ ያለው አውሎ ነፋስ ፍጥነት ጨምሯል፣ ማክሰኞ ማታ ይደርሳል፣ ሰው ጣራውን ያጥብቅ አለ። ቀጥሎም የማጣሪያው የመጨረሻ ጨዋታ ከረቡዕ ወደ ነገ ሰኞ ከሰዓት መዛወሩን ተናገረ።

ታንቲ ሬዲዮውን አጠፋችው። ሸርኔል ከጓሮ፣ ከሽንት ቤቱ ውስጥ ሆና «ምን አለ? ጨዋታ ሲል ሰማሁ!» ብላ ጮኸች።

«ምንም።»

«አክስቴ! ምን አለ?»

«ነገ ነው አለ» አለች ታንቲ።

ሌሊቱን እንዴት እንዳነጉት አላወራም፤ የልጅቷን ክብር መጠበቅ አለብኝ። ሲነጋ ከንፈሯ አመድ መስሎ ነበር። ታንቲ የኮኮናት ውኃ በጨው ሰጠቻት፣ አስመለሰችው። የሩዝ ውኃ ሰጠቻት፣ እሱንም አስመለሰችው። ቦርሳዋን አንግታ ልትወጣ ስትል ደጃፉ ላይ ተዝለፍልፋ ወደቀች። ታንቲ ጮኻ አነሳቻት።

«በቃ! ደውዬ ለኮችሽ እነግራታለሁ።»

«ትነግሪያታለሽ?» ሸርኔል ግድግዳውን ይዛ ቆመች። ዕንባዋ ግጥም ብሏል። «ታስወጣኛለች እኮ! ያለችው ተጠባባቂ ኪዚ ናት፤ ገና አሥራ አራት ዓመቷ፣ ብትዘል አግዳሚው ሥር አትደርስም። ብትነግሪያት ሁለተኛ አላናግርሽም። አክስቴ ብዬም አልጠራሽ። ሰምተሻል?»

«ሰምቻለሁ፣ እናቴ። አልናገርም። ማርያምን!»

ምን ታድርግ? አዘዘቻትና አጠጣቻት፣ አሁን ደግሞ ልታስወጣት? እሳቱም እሷ ውኃውም እሷ ልትሆን ነው? የቤክ ምድጃዋን ሳትለኩስ ስታዲየም ለመሄድ ሚኒባስ ተሳፈረች፤ ከስንት ዘመን ወዲህ መጀመሪያዋ ነው። መንገዱን ሁሉ ሰዎች ጣራቸው ላይ ወጥተው ቆርቆሮ ይመታሉ። እያንዳንዱ የመዶሻ ምት ደረቷ ውስጥ የሚያርፍ መሰላት።

ስታዲየሙ ሞልቷል። ዴነሪ ተነቅሎ መጥቷል ማለት ይቻላል። የግራ ተከላካይዋ እናት ማ ክሎቪስ ገና ከሩቅ አየቻትና ድምጿን ለቀቀችው።

«ታንቲ! ነይ እዚህ ቁጭ በይ! ልጅሽ ዛሬ ግንብ ናት፣ ግንብ! ግሬናዳዎች ኳሳቸውን በሻንጣ ይዘው ይመለሳሉ!»

«አንቺ አፍሽን ያዢ፣ ታሟርቻለሽ» አለቻት ታንቲ።

«ምነው ፊትሽ? ባሕር ላይ ያደርሽ ትመስያለሽ።»

«ሙቀቱ ነው።»

ጨዋታው ተጀመረ። ሸርኔል የመጀመሪያዋን ኳስ በጣቷ ጫፍ ገፍታ አወጣች፤ ሰዉ ዘለለ። ታንቲ አልዘለለችም። እሷ የምታየው ሰው የማያየውን ነው፤ ኳሱ ወዲያኛው ሜዳ ሲሄድ ልጅቷ ቋሚውን ተደግፋ እጥፍ ትላለች፣ ሲመጣ ትቃናለች። ግሬናዳ የማዕዘን ምት ባገኘ ቁጥር የታንቲን ሆድ ቁርጥ ቁርጥ ያደርገዋል፤ ሰናመኪውን የጠጣችው እሷ ትመስላለች። «ማርያም ድረሽላት» ትላለች በልቧ፣ ከዚያ «ምን ብላ ትድረስ፣ እኔ አጠጥቻት» ትላለች። ሌሎቹም ልጆች እግራቸው እንደ ወትሮው አልነበረም። የማ ክሎቪስ ልጅ በሩጫ መሃል ሆዷን ይዛ ቆመች።

«ምን ሆነች ይቺ?» አለች ታንቲ።

«ሙቀቱ ነው» አለች ማ ክሎቪስ፣ ፈጥና።

ያለ ግብ ለዕረፍት ወጡ። ሸርኔል ወደ መልበሻ ክፍል ስትገባ በግድግዳው እየተመራች ነበር። ይሄኔ ታንቲ መቀመጥ አልቻለችም። ቃሏን ሰጥታለች፤ ታዲያ ልጅቷ እዚያ ሜዳ ላይ ብትደፋስ? ቃል ታሞ አያውቅም፣ ሰው ነው የሚታመም! ደረጃውን ወርዳ ከመልበሻ ክፍሉ ኮሪደር ደረሰች። በሩ ላይ የቆመው ጥበቃ የዴነሪ ልጅ ነው።

«ታንቲ፣ እዚህ መግባት ክልክል ነው።»

«ነገ ጧት ቁርስህን ማን ነው የሚያበላህ?»

«ይግቡ» አለና ዘወር አለ።

ኮሪደሩ ውስጥ ያየችውን ማመን አቃታት። በሁለቱ ሽንት ቤቶች በር ፊት ልጆች ተሰልፈዋል። አንዷ መሬት ተቀምጣለች፣ አንዷ ግንባሯን በሩ ላይ ለጥፋ «ውጪ በናትሽ! ውጪ!» እያለች ትደበድባለች። ኮች ማርሊን ሁለት እጃቸውን አናታቸው ላይ ጭነው መሃል ቆመዋል።

«እርስዎም ሊነግሩኝ ነው የመጡት?» አሏት። «ሰባት፣ ታንቲ! ሰባት ልጅ! እስካሁን አንዷም ትንፍሽ አላለች፣ እያንዳንዷ የጠጣሁት እኔ ብቻ ነኝ ብላ፣ እንዳልቀይራት ፈርታ! አሁን ማንን በማን ልቀይር? እኔስ ምን ነካኝ፣ የዚህ አገር ልጅ አይደለሁም? እሑዱን እንዴት ረሳሁት!»

ታንቲ ሳቅም ለቅሶም መጣባት።

«ደግነቱ ሸርኔል ደህና ናት» አሉ ኮች። «ጠየቅኳት፣ ሙቀቱ ነው አለችኝ። እሷ ከቆመችልኝ አቻውን ይዘን እንወጣለን።»

ሸርኔል ጥጉ ላይ ተቀምጣ ጓንቷን ታጠብቃለች። ቀና ብላ አክስቷን አየቻት። ጭንቅላቷን ግራና ቀኝ ነቀነቀች። ዐይኗ «ተይ» ይላል። «አደራሽን» ይላል። ዝም ብላ ብትመለስ ማንም አያውቅባትም፤ የቀረው አንድ አጋማሽ ነው፤ ልጅቷ ሕልሟን ታገኛለች፣ አገሩም ይጨፍራል። ግን ልጅቷ የጓንቱን ማሰሪያ ሁለቴ ሞክራ ማጥበቅ አቃታት።

«ውሸቷን ነው» አለች ታንቲ። «ከትናንት ጀምሮ ጠብታ ውኃ ሆዷ ውስጥ አልዋለም። ጧት ራሷን ስታ ወድቃብኛለች። አትግባ። ይቺ ልጅ አትግባ!»

የቡድኑ ነርስ መጥታ የሸርኔልን ክንድ ይዛ የልብ ምቷን አዳመጠች፣ ከዚያ ወደ ኮች ዞራ ራሷን በአሉታ ነቀነቀች። ጓንቱን ከእጇ ያወለቁት ኮች ራሳቸው ናቸው። ሸርኔል አልጮኸችም፣ አልተሳደበችም። ግድግዳውን እያየች ዕንባዋ ብቻ ወረደ። ታንቲ ብትሰድባት በወደደች።

ኪዚ ገባች። ጓንቱ ሰፍቷት እጇ ላይ ይወዛወዛል። እውነት ለመናገር አላሳፈረችም፤ ሁለቴ እግር ሥር ገብታ ኳስ ነጠቀች፣ አንዴም በደረቷ መለሰች። እነዚያ ሰባቱም ቢሆኑ በባዶ ሆዳቸው እንደ ጀግና ሮጡ። ታንቲ ከማ ክሎቪስ አጠገብ ተመልሳ፣ ቀሚሷን በሁለት እጇ ጨምድዳ፣ ሰዓቱን ብቻ ታያለች። ሰዓቱ አልሄድ አለ። የባከነው ሰዓት ተጨመረ። ከሜዳው ወገብ ላይ የተላከች አንዲት ኳስ ከፍ ብላ፣ ቀስ ብላ፣ አግዳሚው ሥር ወረደች። ኪዚ ዘለለች። አልደረሰችባትም። ለሸርኔል ቢሆን እጇን ማንሳት ብቻ ይበቃት ነበር።

የፈሩት ይደርሳል አይደል የሚባለው? ግሬናዳዎች ተቃቅፈው ሜዳው ላይ ተንከባለሉ፤ የኛዎቹ ባሉበት ተቀመጡ። አበቃ።

ሰዉ ወደ አጥሩ ገፋ። ቡድኑ ወደ አውቶቡሱ ሲወጣ ጩኸቱ ኮች ማርሊን ላይ ወረደ።

«ሸርኔልን ማን አስወጣት? እኮ ማን?»

«በረኛ እያለ ሕፃን ይገባል?»

ከሁሉ በላይ የምትጮኸው ማ ክሎቪስ ነበረች። «ይቺ አሰልጣኝ ናት? ልጆቻችንን ልትጫወትባቸው!» እያለች አጥሩን ትነቀንቃለች። ሌሎቹም እናቶች ከኋላዋ ናቸው። ኮች አንገታቸውን ደፍተው ያልፋሉ፤ ልጆቹን አሳልፈው አልሰጡም።

ሸርኔል ፎጣ ትከሻዋ ላይ ጥላ ከነርሷ ጋር ወጣች። ጩኸቱን ሰማችና ቆመች።

«እኔ ነኝ ልውጣ ያልኩት!» አለች። ድምጿ ተሰንጥቋል። «ኮችን ተዉአት። አሞኝ ነው፣ ራሴ ነኝ የጠየቅኩት።»

ሰዉ በረድ አለ። አንዳንዱ «አይዞሽ፣ የኔ ልጅ» ማለት ጀመረ። ታንቲ አጥሩ ጥግ ሆና ይህን ሰማች። አላናግርሽም ያለቻት ልጅ የሷን ጥፋት ተሸክማ በሰው ፊት ቆማለች! ይሄንንማ አትችልም። ክርኗን ሰዉ መሃል አስገብታ ወደ ፊት ወጣች።

«ውሸቷን ነው! ያስወጣኋት እኔ ነኝ። ትናንት በገዛ እጄ ሰናመኪ አጠጥቼ፣ ዛሬ ደግሞ በገዛ አፌ አስወጣኋት። መጮህ የፈለገ በኔ ላይ ይጩህ!» ከዚያ ወደ ማ ክሎቪስ ዞረች፤ ከሷም ወደ ኋላዋ፣ አንድ በአንድ። «እናንተስ? ትናንት ለልጆቻችሁ ምን ሰጣችሁ?»

ማ ክሎቪስ አጥሩን ለቀቀች። የአጥቂዋ እናት የቦርሳዋን ዚፕ መክፈት ጀመረች። ባሎች ሚስቶቻቸውን አዩ። ነፋስ ተነስቶ የባንዲራው ገመድ ብረቱን ይመታ ጀመር።

ሸርኔል ወደ አጥሩ ተጠጋች። ዐይኗ ቀልቷል፣ ፊቷ አልተፈታም።

«በቃ፣ አታስለፍልፊኝ» አለቻት። «ነይ እንሂድ፣ አክስቴ። ጣራው አልተመታም።»