ከመኝታዬ በላይ የለጠፍኩት ገጽ

ይህን ለነፍስ አባቴ እንኳ አልተናገርኩም። ሦስት ፋሲካ አለፈ፤ በየጾሙ ልናገር እሄድና ሌላ ሌላውን ኃጢአት ዘርዝሬ እመለሳለሁ። አፌ በሰው ፊት አይፈታም። ስለዚህ እጽፈዋለሁ፤ የምታነቡኝ ፍረዱኝ።

በድርቁ ዓመት ንፋስ መውጫ መጠለያው ውስጥ ከፊሊፒንስ የመጣች ነርስ ነበረች። ስትሄድ፣ ከሞት አፋፍ ላተረፈቻቸው ለጎረቤታችን ለእትዬ የሺ አንድ መጽሐፍ ሰጠቻቸው። አስተርጓሚው እንደነገረን የአገሯ ሰው ከጥንት ጀምሮ የሚያዜመው የጀግና ታሪክ ነው፤ ከዳር እስከ ዳር በሥዕል የተሠራ፣ ንግግሩ ከየሰው አፍ በክብ ውስጥ የሚወጣ።

እትዬ የሺ ፊደል አልቆጠሩም። እኔ ስድስተኛ ክፍል ስለጨረስኩ "አንብቢልኝ" አሉኝ። ጽሑፉ በነርሷ አገር ቋንቋ ነው፤ አንድም ቃል አላውቅም። አላውቅም ማለት አፈርኩ። ሥዕሉን እያየሁ ከራሴ ፈጠርኩ፤ ጀግናውንም መኳንንት አልኩት። መኳንንት ልጃቸው ነው፤ ለብሔራዊ ውትድርና ከተወሰደ ወዲህ ወሬው ጠፍቷል። ደስ እንዲላቸው ብዬ ነው? ወይስ እኔን እንዲወዱኝ?

"ይኼ ፀጉሩን እንደ ሴት የለቀቀው ነው መኳንንት?" ብለው ሳቁ። "የኔው እኮ ቅማል ፈርቶ ሁልጊዜ ተላጭቶ ነው የሚዞር!"

ከዚያ ወዲያ በየቀኑ ይጠሩኛል። "ዛሬስ ልጄ የት ደረሰ?" ይላሉ። የመጽሐፉን ሰው ከልጃቸው መለየት ተዉ። አየሁ፤ አላቆምኩም።

በመጨረሻው ገጽ ላይ አበባ በፀጉሯ የሰካች ሙሽራ ነበረች። ለፋሲካ ቤታችንን ጋዜጣ ስንለጥፍ መጽሐፉን ለአንድ ቀን ተዋስኩ። ገጹን ቀደድኩት። እኔ ነኝ የቀደድኩት። በዱቄት ሙጫ ከመኝታዬ በላይ ለጠፍኩት። ጀርባውን አላየሁም አልልም። በጀርባው፣ ትልቅ ዓሣ የበላው ጀግና አጥንቱ ከተሰበሰበ በኋላ ነፍስ ዘርቶ ይቆማል። እሱን ወደ ግድግዳው አዞርኩት።

መጽሐፉን መልሼ ሳነብላቸው፣ እትዬ የሺ አጥንቱ የሚለቀምበት ሥዕል ላይ ጣታቸውን አኖሩ።

"ከዚህ ወዲያስ? ለቅመው ምን አደረጉት?"

የተቀደደውን ጠርዝ በአውራ ጣቴ ሸፈንኩ።

"አለቀ፣ እትዬ" አልኩ።

በማግስቱ ራሳቸውን ተላጭተው ለቅሶ ተቀመጡ። መርዶ ነጋሪ የለ፣ አስከሬን የለ። ሰው "ማን ነገረዎት?" ሲላቸው "አውቄያለሁ" ብቻ አሉ። ስሜን አልጠሩም። እኔም ሄጄ ከሴቶቹ ጋር አለቀስኩ። አለቀስኩ! ገጹ ባይኖርስ፣ ታሪኩ አፌ ላይ አልነበረም? "ተነሣ" ከማለት ምን ከለከለኝ? ሌባ እንዳልባል ዋጥኩት።

መኳንንት ይኑር ይሙት ዛሬም የሚያውቅ የለም። ሞቶ ቢሆን እንኳ እኔ ንጹሕ አልሆንም። መርዶውን ያረዳሁት እኔ ነኝ።

እትዬ የሺ እስካሁን ጥቁር ለብሰው በደጃችን ያልፋሉ። ትናንት ገጹን ከግድግዳው በቢላዋ ልልጥ ሞከርኩ። ሙሽራዋ ተቆራረጠች። ከጀርባዋ ከቆመው ጀግና የተረፉት መሬት የረገጡ ሁለት እግሮቹ ብቻ ናቸው። በመሐረቤ ቋጥሬያቸዋለሁ። ከጠዋት ጀምሮ ሁለት ጊዜ እስከ በራቸው ሄጄ ተመለስኩ።

ከእናንተ ይቅርታ አልለምንም፤ የእናንተ አይደለም። እሳቸውንም ገና አልለምንም። አስቀድሜ "እትዬ፣ አላለቀም ነበር፤ እኔ ነኝ የቀደድኩት" ማለት አለብኝ። አሁን ብዕሩን አስቀምጬ ለሦስተኛ ጊዜ እሄዳለሁ።