የላሜን ያህል

ልጆቹ ካልነገርሽን ብለው ያዙኝ። ትልቋ የልጅ ልጄ፣ «እማዬ፣ የታሰርሽው በላም ነው አሉ፤ እውነት ነው?» ስትለኝ ሌሎቹ ሳቁ። እኔም ሳቅሁ፤ መልሱ ግን አጭር አይደለም። ፊደል የቆጠርኩት ዘግይቼ፣ በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ነውና መስመሬ ቢንጋደድ አትፍረዱብኝ።

ያኔ ደርግ ነው። ቤቴ ከልደታ ቁልቁል፣ ወንዙ ዳር ነበር። ባሌ ሞቶ አንዲት ላም ቀርታኝ ነበር፤ አደይ ነበር የምላት። ወተቷን ለጎረቤት እየሸጥኩ እኖራለሁ። ከወንዙ ላይኛው በኩል የቆዳ ፋብሪካ አለ። አንድ ጠዋት ውሃው ሰማያዊ ሆኖ፣ አረፋ ተሸክሞ ወረደ። ሽታው አፍንጫ ይሰነፍጣል። እኔ ሳልደርስ አደይ ጠጥታ ነበር። በሦስተኛው ቀን ወደቀች።

ወተት ፍለጋ ለመጣ ሁሉ፣ «የለም፤ ፋብሪካው ላሜን ገደለብኝ» አልኩ። ሌላ ምን ልበል? በሳምንቱ የቀበሌ ጥበቃ መጣ።

«በፋብሪካው ላይ ወሬ የምትነዢው አንቺ ነሽ?»

ነጠላዬን አንስቼ ተከተልኩት።

ያስገባኝ የቀበሌው ሱቅ ዕቃ ቤት ነው። ሳሙናው አልቆ ሽታው ቀርቷል። መስኮት የለውም። ክፍሉ መሃል ለመሃል በጣውላ ተከፍሏል፤ ብርሃን የምትገባው በጣውላው ስንጥቅ ነው። ብቸኝነትን ባሌ ሲሞት የለመድኩት መስሎኝ ነበር። ለካ ቤት ውስጥ ብቻ መሆን ሌላ ነው፤ የሚታለብ አለ፣ የሚጠረግ አለ። እዚያ ጠዋት ጠዋት እጆቼ በልማድ ይነሱና ጣቶቼ ባዶውን ያልባሉ። የልደታን ደወል እሰማለሁ። ቤቴ ሆኜ የምሰማው ያው ደወል ነው፤ ግን የሌላ አገር ይመስለኝ ነበር።

በአራተኛው ቀን ረፋዱ ላይ ከጣውላው ማዶ ሰው አስገቡ። ሲስል ሰማሁት።

«ማነው?» አልኩ።

«የቆዳ ፋብሪካው ሥራ አስኪያጅ ነኝ። ነበርኩ።»

ደሜ ፈላ። «ላሜን የገደልካት አንተ ነህ?»

ወደ ጣውላው ተጠጋ። «ወተት የሚሸጡት እርስዎ ነዎት?» አለኝ። ከዚያ ደግሞ፣ «ስሟ ማን ነበር?»

ይህን ማንም ጠይቆኝ አያውቅም። «አደይ» አልኩት።

«አደይ» አለ እሱም፣ ቀስ ብሎ። «የፍሳሹ ጉድጓድ ሞልቶ ነበር፣ እትዬ። ሥራ ይቁምና ይጠረግ ብዬ ጻፍኩ። የምርት ዘመቻ ላይ ነን፣ አንድ ቀንም አይቆምም አሉኝ። ወደ ወንዙ ይለቀቅ የሚለው ወረቀት ላይ ፈረምኩ። ያዘዙኝ ሌሎች ናቸው። ፊርማው ግን የኔ ነው።»

«ያዘዙህስ የት ናቸው?»

«እነሱማ ከሳሾቼ ናቸው።»

መሳቅ አልነበረብኝም፤ ሳቅሁ። አባቴ የነገረኝ ትዝ አለኝና አጫወትኩት። ድሮ ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ የነጠላቸው ጫፍና ጫፍ ይቋጠር ነበር፤ ቁራኛ ይሉታል። አብረው ይሄዳሉ፣ አብረው ይበላሉ። ስንቱ ጠበኛ መንገድ ላይ ታርቆ ከዳኛው ሳይደርስ ተመለሰ ይል ነበር አባቴ።

«እኛም ቁራኛ ሆነናላ» አለ ሰውየው። «በነጠላው ፈንታ ጣውላ ነው እንጂ።»

በማግስቱ ጠርተው ቢሮ አስገቡኝ። የቀበሌው ሊቀ መንበር ተቀምጧል፤ አጠገቡ ጸሐፊው። ጠረጴዛው ላይ ወረቀትና የጣት ቀለም አለ።

«አውራ ጣትሽን አሳርፊና ወደ ቤትሽ ሂጂ» አለ ሊቀ መንበሩ።

«ምን ይላል?»

«ያልሽውን ነው የሚለው።»

«ያልኩትን ልስማዋ።»

ጸሐፊው ድምፁን ዝቅ አድርጎ አነበበው። ሥራ አስኪያጁ ከሕዝብ ጠላቶች ጋር መክሮ፣ ሕዝቡን ለመፍጀት ወንዙን ሲመርዝ በዓይኔ አይቻለሁ ይላል። ለእንዲህ ያለ ነገር ያኔ ፍርዱ አንድ ነው። ያነበበም ያላነበበም ያውቀዋል።

«ይኼን አላየሁም» አልኩ።

«ላምሽን አልገደለም?»

«ገድሏል። የላሜን ያህል ጻፉልኝ፣ አሳርፋለሁ።»

«አዘንሽለት እንዴ?»

«ያዘንኩት ለላሜ ነው። በሷ ስም ሰው አይገደልም።»

ሊቀ መንበሩ ተነስቶ እጄን ያዘና አውራ ጣቴን ቀለሙ ላይ ጫነው። ወደ ወረቀቱ ሲጎትተኝ ጣቴን ወደ ውስጥ አጥፌ በአራቱ ጨበጥኩት። ማለብ እጅ ያጠነክራል። ሊያስለቅቀኝ ታገለ፣ ታገለና ተወኝ።

ተመልሼ ለሰውየው የሆነውን ነገርኩት። ከሰዓት በኋላ መኪና መጥቶ ቆመ፤ ስሙን ሲጠሩ ሰማሁ። በሩን ሳይከፍቱ የነጠላዬን ጫፍ በጣውላው ሥር አሾለክሁለት። ያዘው። ስስበው ጫፉ ላይ ቋጠሮ አለ።

«እትዬ፣ ስለ አደይ ይቅር ይበሉኝ።»

«እግዜር ይቅር ይበልዎ» አልኩት። እርስዎ ያልኩት ያኔ ነው።

እኔን ሁለት ወር አቆይተው ለቀቁኝ። እሱ ፍሳሹን በመልቀቁ ብቻ እንደተፈረደበት፣ እስሩንም ሳይጨርስ ታሞ እንደሞተ ኋላ ሰማሁ። ቋጠሮውን አልፈታሁትም፤ የጣቴ ቀለም ነክቶታል። ዛሬ ወንዝ የበከለ ሹም በሕግ ይጠየቃል ሲሉ በሬዲዮ እሰማለሁ። ደስ ይለኛል። ያዘዘውም አብሮ ይጠየቅ እንደሆነ ግን ሲናገሩ አልሰማሁም።

ኮንዶሚኒየም ከገባን በኋላ ነው፤ አንድ ሽማግሌ ደረጃው ላይ እያየኝ ቆመ። ያ ጸሐፊ ነው። ከኛ በታች ነው የሚኖረው።

«እትዬ፣ ሌላም ወረቀት ነበር» አለኝ። «ከእርስዎ በፊት የቀረበው ሥራ አስኪያጁ ነው፤ የእሱ ወረቀት ውሃው ንጹሕ ነው፣ ላሟ በራሷ በሽታ ሞታለች፣ ሴትዮዋን የላኳት ጠላቶች ናቸው የሚል ነበር። ፈርምና ወደ ሥራህ ተመለስ አሉት። እሱ ግን ከሥሩ በእጁ፣ ‹ላሟ የሞተችው እኔ ባስለቀቅሁት ውሃ ነው፤ ሴትዮዋ እውነቷን ነው› ብሎ ጻፈበት። ጣትዎን የፈለጉት እሱ እንቢ ስላለ ነው።»

መቼ እንደሆነ ጠየቅሁት። በዚያው፣ ከኔ ጎን ባስገቡት ቀን ጠዋት ነው አለኝ። የላሜን ስም የጠየቀኝ ይህን ጽፎ መጥቶ ነው።