በነፃ የተሰናበተ ሰው ባና

ወደ እስር ቤቱ ክፍል የገባሁ ዕለት ካቦው፣ ማለትም እስረኛውን የሚያዘው እስረኛ፣ ቦታዬን በጣቱ አሳየኝ። በሩ ሥር ነበረች። የመንዝ ነፋስ በበሩ ስንጥቅ እየገባ ጆሮ ይቆርጣል። አዲስ ገቢ እዚያ ይተኛል፤ ሰው በተፈታ ቁጥር አንድ ቦታ ወደ ውስጥ ይጠጋል። እኔ ግድግዳው ጥግ ለመድረስ ስምንት ወር ፈጅቶብኛል።

ራቤል ከተማ አስተማሪ ነበርኩ። ከምርጫው በኋላ «ቀየት ገበያ ላይ ሕዝብ አሳምፀሃል» ተብዬ ተከሰስኩ። ዐቃቤ ሕግ ሁለት ምስክር አቆመ። አንደኛው ሲወራ ሰማሁ አለ። ሁለተኛው ደግሞ በዚያ ቀን በሬ ሊሸጥ ዓለም ከተማ ሄዶ እንደነበር ራሱ ተናገረ። ዳኛው መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉና፣ በቂ ማስረጃ ስላልቀረበ መከላከል ሳያስፈልገኝ በነፃ እንድሰናበት ፈረዱ። እውነቱን ለመናገር እንባዬ መጣ።

በእኛ ክፍል ልማድ የሚፈታ ሰው መኝታውን ይዞ አይወጣም፤ በሩ ሥር ላለው ትቶለት ይሄዳል። ያኔ በሩ ሥር የነበሩት ከመርሐቤቴ ቆላ የመጡ፣ በመሬት ክርክር የታሰሩ ሽማግሌ ነበሩ። ብርዱን ስላልለመዱት ፀሐይ ወጥታም ይንቀጠቀጣሉ። እናቴ ፈትላ ያሠራችልኝን የበግ ጠጉር ባና አለበስኳቸው። መረቁኝ። ከሁሉም ጋር ተቃቅፈን ተሰነባበትን። አስተማሪ አይደለሁ፣ አጭር ንግግርም አደረግሁ።

ዋናው በር ላይ ስደርስ ዋርድያው ወረቀት እያየ፣ «ተመለስ» አለኝ።

«ተፈትቻለሁ እኮ።»

«ዐቃቤ ሕግ ይግባኝ ብሏል። ማስረጃው በቂ ነበር ብሎ እግድ አምጥቷል። ይግባኙ እስኪወሰን እዚሁ ነህ።»

ወደ ክፍሉ ተመለስኩ። ያ ሁሉ ንግግሬ አሳፈረኝ። የግድግዳው ጥግ ተይዟል፤ ሽማግሌውም አንድ ቦታ ወደ ውስጥ ተጠግተዋል። በሩ ሥር ተቀመጥኩ። ትንሽ ቆይተው ሽማግሌው ባናውን አጥፈው ይዘው መጡ።

«እንካ መምህር። ንብረትህ ነው።»

«አልወስድም አባቴ። የሰጠዎት በነፃ የተሰናበተ ሰው ነው። መልሼ ብቀበልዎት ይግባኝ ሳይሰማ ፍርዱን እኔው ሻርኩት ማለት ነው።»

ካቦው «በዚህ ብርድ ልትሞት ነው እንዴ? አትጃጃል!» ብሎ ተቆጣ። ብርዱን ፈርቼዋለሁ፣ አልዋሽም። ግን እጄ ያንን ባና ከነካ ጥፋተኛ ነኝ ብዬ ማመን የምጀምር መሰለኝ፤ እሱን የበለጠ ፈራሁት።

ሽማግሌው እንደቆሙ ትኩር ብለው አዩኝ።

«እናንተ መንዞች! ግትርነታችሁ!» አሉና ሳቁ። «እንግዲያው ባናው የኔ ነው?»

«የእርስዎ ነው።»

«የኔ ከሆነማ የማዝበት እኔ ነኛ።»

ያገኟትን ቦታ ትተው በሩ ሥር ከጎኔ ቁጭ አሉና ግማሹን ትከሻዬ ላይ ጣል አደረጉት።

«እንግዳዬ ነህ። እምቢ ብትል እቀየምሃለሁ።»

አላወረድኩትም። ኮራሁባቸው፤ በራሴም ኮራሁ። ካቦው ራሱን እየነቀነቀ ወደ ቦታው ሄደ።

ሦስት ወር እንግዳቸው ሆኜ ከረምኩ። በመጨረሻ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት የመጀመሪያውን ፍርድ አጸና። ስወጣ የምተወው ነገር አልነበረኝም፤ የሽማግሌውን ጉልበት ስሜ ወጣሁ።

ዛሬ ሰው «መቼ ነው የተፈታኸው?» ብሎ ሲጠይቀኝ ያ የመጀመሪያው ፍርድ የተሰጠበትን ቀን እናገራለሁ። ባለቤቴ ሁልጊዜ ታርመኛለች፤ «ኧረ ከዚያ በኋላ ሦስት ወር ጠብቄሃለሁ» ትላለች። ልክ ናት። ቤት የገባሁት ከሦስት ወር በኋላ ነው።