ሦስት ወር አዲስ አበባ ያስቀመጥናት እናት

ጥርሷን ስትቦርሽ ድዷ ደማ። የመጀመሪያው ምልክት ይኸው ነበር። ባለቤቴ ትርሲት ብሩሹን ረገመች። እኔ ቪታሚን ሲ ጎድሎሽ ነው አልኩ፤ የጥንት መርከበኞች ድዳቸው ይደማ እንደነበር ያነበብኩትን ተነተንኩላት፤ ብርቱካን ገዛሁ። ብዙ ያነበበ ሰው ለማንኛውም ነገር ምክንያት አያጣም።

በሁለተኛው ሳምንት ማንም ሳይነካት ጭኗና ክንዷ ላይ ሰማያዊ ምልክት ወጣ። በስደት በምንኖርበት ከተማ፣ ከፌርፋክስ ጎዳና ገባ ብሎ ያለው አፓርታማችን ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነበር፤ ደረጃው አቃታት። አንድ ማክሰኞ ጠዋት ልጃችንን ማርታን ትምህርት ቤት አድርሰን ሐኪም ዘንድ ሄድን። ደሟን አዩ። ከሰዓት በኋላ አስተኟት። አኪዩት ሉኪሚያ አሉን፤ የደም ካንሰር። ማርታ ከትምህርት ቤት ስትመለስ እናቷ የለችም። ሰባት ዓመቷ ነበር።

«ኬሞቴራፒውን ዛሬውኑ እንጀምራለን» አለኝ የደም ሐኪሙ። «ከሁሉም የምፈራው ኢንፌክሽን ነው። በሆስፒታሉ ደንብ ደግሞ ከአሥራ አራት ዓመት በታች ያለ ልጅ አይገባም።»

ደንቡን ስሰማ ቀለለኝ። ይህን ያህል ዘመን ቆይቶም መጻፉ ያሳፍራል። ልጄን ምን እላታለሁ የሚለውን ጥያቄ ሌላ ሰው የመለሰልኝ መሰለኝ።

ማታውን እትዬ በላይነሽ መጡ። ልጃቸውን ሊጠይቁ ከአዲስ አበባ መጥተው፣ መንግሥት ሲገለበጥ እዚሁ የቀሩ ሴት ናቸው፤ ያኔ ለሁላችንም እናት ነበሩ።

«ለዚች ጨቅላ እንዲህ ያለውን ልትነግራት ነው?» አሉኝ። «አያትሽ ታመው ልታስታምም አገር ቤት ሄደች ብንላትስ?»

«እትዬ፣ ልጅቷ እኮ ብልጥ ናት።»

«ብልጥም ብትሆን ሰባት ዓመቷ ነው። ደሞ አንተ ውሸት አታውቅበትም፤ እኔው እነግራታለሁ።»

ነገሯት። ማርታ ሰማች፣ «ኦኬ» አለች፣ ወተቷን ጠጣች። ጨዋ ልጅ ናት ተባባልን። እኔ ያን ጊዜ ቀን ዊልሸር ጎዳና ላይ የሰው መኪና ፓርክ እያደረግሁ፣ ለተማሪዎች መጽሔታችን ደግሞ እውነቱ ለሕዝብ ይነገር እያልኩ የምጽፍ ሰው ነበርኩ። ሕዝቡ ሩቅ ስለነበር አልከበደኝም።

ጊዜው በፈረንጅ አቆጣጠር የሰባዎቹ ማብቂያ ነው፤ አዲስ አበባ ወጣት ከየቤቱ የሚለቀምበት። እሁድ እሁድ ወዳጆቻችን ከባልድዊን ሂልስም ከኖርዝ ሆሊውድም እኛ ቤት ይሰበሰባሉ። ማን ተያዘ፣ ማን ተገደለ፣ የትኛዋ እናት የልጇን ሬሳ ተከለከለች፤ ወሬው ይኸው ነው። ማርታ ምንጣፉ ላይ በሆዷ ተኝታ ሥዕል ቀለም ትቀባለች። ስለ ሉኪሚያው በሹክሹክታ፣ ስለ ግድያው ግን ጮክ ብለን ነበር የምናወራው። እናቷን ከዓለም ከተማ ሁሉ መርጠን የላክናት እዚያ ነው።

ደብዳቤም ነበረን። ትርሲት አልጋዋ ላይ ሆና ትጽፋለች፣ እኔ «ከአዲስ አበባ መጣ» ብዬ አነባለሁ። መድኃኒቱ እየጠናባት ሲሄድ ጽሕፈቷ ተጣመመ። መስመሮቹ አጠሩ። በመጨረሻው ላይ «ልጄ፣ ደህና ነኝ» ብቻ ነበረበት፤ ፊደሎቹ እርስ በርስ ይወድቃሉ። ማርታ ወረቀቱን ከእጄ ወስዳ ብዙ አየችው።

ከዚያ እሷም ታመመች። ጠዋት ጠዋት ሆዷን ያማታል። የበላችው አይረጋም። አንድ ቀን አስተማሪዋ ደውላ ጠራችኝ፤ ከማርታ ጆሮ በላይ የብርቱካን ቁራጭ የሚያህል ቦታ ጸጉር አልነበረውም። አንድ በአንድ እየነቀለችው ነበር። የእሷንም ደም አስመረመርኩ፤ ውጤቱ እስኪደርስ ሁለት ቀን ፈጀ። እነዚያን ሁለት ቀናት አልጽፋቸውም።

ደሟ ንጹሕ ነበር። የልጆች ሐኪሟ ከማርታ ጋር ብቻዋን ተቀምጣ ቆየችና ወደ እኔ ወጣች።

«ባለቤትዎ የታሰሩት መቼ ነው?»

«አልታሰረችም።»

«ልጅዎ ታስረዋል ትላለች። እጃቸውን ስለሚመቷቸው መጻፍ አቅቷቸዋል ትላለች። የት ናቸው?»

«ሆስፒታል።»

«የት አገር?»

«እዚሁ።»

ሴትዮዋ ብዕሯን አስቀመጠች። «ዛሬ ይነግሯታል» አለች። «የበሽታውን ስም ይነግሯታል። ያለችበትን ይነግሯታል። ከሞት ጋር የተያያዘ ጥያቄ ከመጣ የማያውቁትን አላውቅም ይበሉ። እናቷ ዘንድ እንድትገባ ፈቃዱን እኔ እጠይቃለሁ።»

ከማርታ ጋር ሚራክል ማይል የሚባለው ሰፈር ካለው ሙዚየም አጠገብ ሣሩ ላይ ተቀመጥን። ነገርኳት። ያዘጋጀሁት ንግግር ነበር፤ ከሁለት ዓረፍተ ነገር በላይ አልሄደም።

«ሶ፣ ማንም አልመታትም?»

«ማንም።»

«ፕሮሚስ?»

«ፕሮሚስ።»

ትከሻዋ ወረደ። ካንሰር የሚባለውን ቃል ሰምታ ትንፋሿ ሲመለስ በዓይኔ አየሁ። ቀጥላ ሆስፒታሉ ሩቅ እንደሆነ ጠየቀችኝ። አንድ አውቶቡስ ነው አልኳት።

መንገዱን አየች።

«አባዬ፣ እኔ እኮ በየቀኑ የምጸልየው እንዳይገድሏት ነው። ስለ ሕመም አልጸለይኩም። ማንም አልነገረኝም።»

በሕይወቴ ብዙ ተተችቻለሁ። ከዚህ የባሰ አልሰማሁም።

«ትሞታለች?» አለች።

«አላውቅም።»

ዶክተሯ የደም ሐኪሙን አነጋግራ ደንቡ ላላ፤ ማርታ ጭምብል አድርጋ ለሃያ ደቂቃ ትግባ ተባለ። ትርሲት አንድም ጸጉር አልነበራትም። ማርታ በሩ ላይ ቆመች። ቀድማ የተናገረችው እናቷ ናት።

«ጸጉርሽን ማነው እንዲህ ያደረገው?»

«ያንቺንስ?»

«የኔን መድኃኒት ነው።»

«የኔን እኔ ነኝ።»

ሁለቱም ሳቁ። የትርሲት ሳቅ ወደ ሳል ተለወጠና ነርሷ ገባች። ልጅቷ ስትወጣ ትርሲት እጄን ያዘች። «ይህን ለምን ከለከልናት?» አለችኝ። «ከለከልናት» ማለቷ ደግነቷ ነው።

አምስት ጊዜ ገባች። ስድስተኛ አልነበረም። ረቡዕ ጠዋት ትርሲት ሞተች።

ወዳጆቼ በልማዳችን አሰቡ፤ ማርታ ኖርዝ ሆሊውድ ሰው ቤት ትቆይ፤ ቅዳሜ ሁሉም ከሥራ ሲያርፍ ሽማግሌዎች ማልደው መርዶውን ይንገሯት። እኔ እዚያው ቀን ከትምህርት ቤት ስትወጣ በሩ ላይ ጠበቅኋት።

«እማዬ ዛሬ ጠዋት ሞተች።» ዐረፈች አላልኩም፤ ተኛች አላልኩም።

«ዛሬ? እኔ ሂሳብ ስሠራ?»

«አዎ።»

«ማን ነበር አብሯት?»

«እኔ።»

«ኦኬ» አለች። ከዚያ ጮኸች።

እትዬ በላይነሽ አንጀት የለህም አሉኝ፤ ለሁለት ቀን ሰላምታዬን አልመለሱም። በሦስተኛው ቀን ግን ፍራሻቸውን ይዘው መጥተው ከማርታ ጎን አርባ ቀን ተኙ፣ እንባዋን በራሳቸው ነጠላ ጠረጉ፣ እሷ ስለ እናቷ በጠየቀች ቁጥርም፣ ለእሳቸው ምን ያህል ከባድ እንደነበር ፊታቸው ላይ እያየሁት፣ የሚያውቁትን ሳይሸፋፍኑ መለሱላት።

የማርታ ጸጉር በአምስተኛው ወር ገደማ በቀለ፤ ሆዷም እየረጋ መጣ፤ ቁርሷን መብላት ጀመረች፤ ከዓመት በኋላ ክፍል ውስጥ ተነስታ ሉኪሚያ ምን እንደሆነ ለልጆቹ እንዳስረዳች አስተማሪዋ ነገረችኝ። ዳነች የሚሉኝ ሰዎች አሉ። እኔ እንጃ። ለዓመታት ሥራ ቦታዬ እየደወለች መኖሬን ታረጋግጥ ነበር፤ ከእናቷ ደብዳቤዎችም አንዱን እንኳ አላስቀመጠችም፤ ሁሉንም አንድ ከሰዓት በኋላ በእርጋታ ቀዳድዳ ጣለቻቸው፣ እኔም ቆሜ አየሁ እንጂ አልከለከልኳትም።

ብዕሯን አስቀምጣ ለገሠጸችኝ ሐኪም፣ ደንቡን ለተላለፈው ሐኪም፣ በሃያኛው ደቂቃ ላይ ሰዓቷን ሳታይ ለቆየችው ነርስ ምስጋናዬ ትልቅ ነው። ለእትዬ በላይነሽም። ከእኔ ይልቅ ቶሎ የተማሩት እሳቸው ናቸው።

ይህን የምታነቡት ቤታችሁ ውስጥ አንድ ሰው ታሞ፣ ልጅ ደጅ እየተጫወተ ከሆነ፣ ምክሬ አጭር ነው። ልጁን ጥሩት። የታመመው የት እንዳለ ንገሩት። የበሽታውን ስም ጥሩለት። በእሱ ጥፋት እንዳልመጣ ሳይጠይቃችሁ ንገሩት። ይሞታል ወይ ካላችሁ፣ ካላወቃችሁ አላውቅም በሉ። ትክክለኛው ጊዜ እስኪመጣ አትጠብቁ። እኔ «አላውቅም» የምትለዋን አንዲት ቃል ለማውጣት ሦስት ወር ፈጀብኝ፤ ትርሲት ከዚያ በኋላ የኖረችው አሥራ ዘጠኝ ቀን ነው።