እናቴ ለካሜራ አልማለችም

ማክሰኞ፣ ቢቸና። ጠዋት ሦስት ኩንታል ጤፍ ሸጬ አራተኛውን ሳስመዝን፣ ካሜራ የያዘች ሴት ሱቄ ገብታ «አያትዎን ማን እንደገደላቸው ያውቃሉ?» አለችኝ።

ሚዛኑን ትቼ ዞርኩ።

ሴትዮዋ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ናት። ዕድሜዋን የግድያና የሰው ሕይወት ታሪክ ስትቀርጽ ነው የኖረችው። አሁን የያዘችው የእናቴን አባት ታሪክ ነው።

በጃንሆይ ዘመን ማብቂያ ሞጣ አጠገብ በወሰን ጠብ መገደሉን አውቅ ነበር። ገዳዩን ግን ቤታችን ውስጥ የሚያነሳ ሰው አልነበረም።

ገዳዩ የአባቴ አባት ነው አለችኝ። ሽማግሌዎች ደሙን ያደረቁት የሟችን ልጅ ለገዳይ ልጅ ድረው ነው። የሁለቱ ልጅ እኔ ነኝ።

«ማን ነገረሽ?»

«እናትዎ።»

ወዲያው ሞጣ ደወልኩ። «እማዬ፣ ለእኔ ሳትነግሪ ለባዳ ትነግሪያለሽ?»

«በእርቁ ጊዜ ለምወልደው ልጅ አልናገርም ብዬ በታቦት ምያለሁ። ለካሜራ አልማልኩም!»

ሴትዮዋ ፊልሙ ላይ እንድናገር ትፈልጋለች። ስሜ ሥር ምን ብላ ትጻፍ? የሟች የልጅ ልጅ ወይስ የገዳይ? ጤፍ ቢሆን በሁለት ጆንያ እከፍለው ነበር።

ለማን እንደማዝን፣ ማንን እንደምወቅስ ግራ ገብቶኛል። ይህንኑ ለእናቴ ነገርኳት።

«ነገ ና፤ ለሴትዮዋ ካሜራ ፊት ደግሜ ስነግራት አጠገቤ ተቀምጠህ ትሰማለህ» አለችኝ።

ወላጆቻችሁ ደም ለማድረቅ መጋባታቸውን ካደጋችሁ በኋላ የሰማችሁ አላችሁ? ምን አደረጋችሁ? እስቲ ጻፉልኝ።

ነገ ሱቁ ዝግ ነው። በመጀመሪያው ሚኒባስ ሞጣ እሄዳለሁ።