የአራቱ ቀፎዎች ክስ

ሰኞ ማለዳ ከወልድያ ተነሳሁ። ታናሽ ወንድሜ ሲሳይ የጎረቤታችንን የአያ ካሳዬን አራት የንብ ቀፎ አቃጥሏል ተብሎ ሰቆጣ ተከሷል። ንቦቹ የሲሳይን አህያ ነድፈው ገድለውበት ነበር። አያ ካሳዬ «ታላቁ ይምጣና እንታረቅ፤ አለዚያ ሕግ ይፍረደው» ብለው ላኩብኝ። ቀጠሮው ረቡዕ ስለሆነ የልብስ ስፌት ሥራዬን ለባለቤቴ ትቼ ተሳፈርኩ።

አላማጣ ላይ ፉል በዳቦ በላን። ዳገቱን ወጥተን ኮረም ስንደርስ ብርዱ ጋቢ አስለበሰን። ከዚያ እስከ ሰቆጣ መንገዱ ይጠማዘዛል። አጠገቤ የተቀመጡት ቄስ የገብስ ቆሎ ዘገኑልኝና የምሄድበትን ጠየቁኝ። ነገርኳቸው።

«ወንድምህ ጥፋቱን አምኗል?» አሉኝ።

አላመነም። ለፖሊስ «እሳቱ ከየት እንደመጣ አላውቅም» ነበር ያለው። ቆሎውን መቆርጠም ቀጠልኩ።

ማክሰኞ፣ መንደራችን

ከሰቆጣ ከሁለት አስታራቂ ሽማግሌዎችና በዋስ ከተፈታው ከሲሳይ ጋር ሁለት ሰዓት ያህል በእግር ሄድን። ገብሱ ቢጫ ሆኖ አጨዳ ደርሷል። አያ ካሳዬ ሰላም ብለውን በመንገዱ ዳር ወዳለው ጓሯቸው ወሰዱን። አመዱ እንዳለ ነው።

«የንቦቹ ዘር ከአባቴ የወረስኩት ነበር» አሉ።

ሽማግሌዎቹ ካሣ በብር ይሁን ቢሉ አያ ካሳዬ እምቢ አሉ። «ብር አልፈልግም። አራት ቀፎ በእጁ ይሥራልኝ። ግን መጀመሪያ ያደረገውን በአፉ ይናገር።»

ሲሳይ አንገቱን ደፋ። «አህያዬስ?» አለ። «ውኃውም እህሉም የሚጫነው በእሷ ነበር።»

አያ ካሳዬ ወደ እሱ ጠጋ አሉ። «እሱስ እውነትህን ነው። ቀፎዎቼን ከመንገዱ ማራቅ ነበረብኝ። እኔም አጥፍቻለሁ።»

ይህን ያልጠበቀው ሲሳይ ጉልበታቸው ላይ ወደቀ። «እኔ ነኝ ያቃጠልኳቸው። ይቅር ይበሉኝ፣ አያ።»

«ይቅር ለእግዚአብሔር» ብለው አነሱት።

የገብስ እንጀራ በሽሮ ቀረበልን። ጨዋታው ወደ አገራችን ቋንቋ፣ ወደ ኽምጣኛ ዞረ፤ ከተማ ስኖር ግማሹ ጠፍቶብኛልና ሌሎቹ ከሳቁ በኋላ ነበር የምስቀው።

ረቡዕ፣ ፍርድ ቤት

ዐቃቤ ሕጉ ክሱ የቀረበው በግል አቤቱታ ስለሆነ እርቁን እንደማይቃወም ተናገረ። ዳኛዋ ወደ አያ ካሳዬ ዞር ብላ፣ «አቤቱታዎን የሚያነሱት በፈቃድዎ ነው? ያስፈራራዎት ሰው የለም?» ስትል ጠየቀች።

«እኔን በዚህ ዕድሜዬ ማን ያስፈራራኛል፣ ልጄ? ታርቀናል።»

መዝገቡ መዘጋቱን ነገረችን። ደጅ ስንወጣ አያ ካሳዬ የሲሳይን ክንድ ያዝ አድርገው፣ «ና፣ ለቀፎው ሸምበቆ እንይ» አሉት። እኔን እዚያው ትተው ተያይዘው ወደ ገበያ ወረዱ። ቅር አላለኝም።

ሐሙስ፣ ወልድያ

በመኪና ውስጥ ሳስበው አፈርኩ። ከቤት ስወጣ ሐሳቤ አያ ካሳዬን ለምኜ ክሱን ማስነሳት ብቻ ነበር፤ የወንድሜን ውሸት ሸፋፍኜ ልመለስ ነበር። እንዲያ ብናደርግ መዝገቡ ይዘጋ ይሆናል። ሁለቱ ግን በአንድ መንገድ እየሄዱ ሰላም አይባባሉም ነበር።

ቤት ስደርስ ባለቤቴ ቦርሳዬን ሳትቀበለኝ፣ «ለመሆኑ ማን ረታ?» አለችኝ።

ሁለቱም ጥፋታቸውን እንዳመኑ ነገርኳት።